ካሜራው የት ነው የቆመው?

የምሠራው ደብሊን ውስጥ፣ አረጋውያን በሚጦሩበት ቤት ነው። ማጠቡ፣ ማልበሱ፣ ማብላቱ የሥራው ግማሽ ነው፤ ሌላው ግማሽ ወሬ መስማት ነው። አንድ ጠዋት ሻይ ይዤ የገባሁባቸው እናት ከየት እንደመጣሁ ጠየቁኝ። ኢትዮጵያ አልኳቸው። ስኒውን መልሰው ትሪው ላይ አኖሩና ፊቴን ትክ ብለው ሲያዩ ቆዩ። «አውቃችኋለሁ እኮ ልጄ» አሉኝ። ልጆቻቸው ትንንሽ በነበሩ ጊዜ፣ በጾም ሰሞን አንድ የካቶሊክ እርዳታ ድርጅት የሚያድላት የካርቶን ሳጥን ኩሽናቸው ጠረጴዛ ላይ ትቀመጥ ነበር። ልጆቹ የከረሜላ ሳንቲማቸውን እዚያች ውስጥ ይከታሉ። ሳጥኗ ላይ የሕፃን ልጅ ፎቶ ነበረ። «ዓይኖቿ እስካሁን ከፊቴ አልጠፉም» አሉኝና እጄን ጭብጥ አደረጉት።

ምን ይባላል? «እግዜር ይስጥልኝ» አልኩ፤ ከልቤም ነበር። የዚያች ሳጥን ሳንቲም ስንዴ ሆኖ የደረሰው ሰው ይኖራል፤ ምናልባትም ዘመዴ ነው። ግን ንግግራቸው ከጆሮዬ አልወጣ አለ። እሳቸው የሚያውቋት፣ ከአርባ ዓመት በፊት አንድ ሰው አንድ ቦታ ላይ ቆሞ ያነሳትን ልጅ ነው። ያቺ ልጅ ስም ነበራት። እናቷም ከፎቶው ጠርዝ ውጭ፣ አጠገቧ ቆማ ሊሆን ይችላል። ፎቶ አንሺው አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ቢል ኖሮ እናትየዋም ትገባ ነበር።

እንዲህ የማስበው ወድጄ አይደለም፤ የድሮ ሥራዬ ነው። አዲስ አበባ ሳለሁ ሰርግ እቀርጽ ነበር። ሙሽሪት ከቤት ስትወጣ የእናት ዕንባ መምጣቱ አይቀርም፤ ያኔ ከኋላ «ዙም! ዙም አድርገው!» ይባላል። ዕንባ ያልገባበት ሰርግ እንደተቀረጸ አይቆጠርም፤ ደንበኛው ራሱ ይቆጣል። ሰው ሲያለቅስ ቅረብ ብሎ ያስተማረኝ የለም፤ እጄ ግን ሳላዘው ሌንሱን ይጠመዝዛል። ስለዚህ የሳጥኗን ፎቶ ያነሳውን ሰው እግዜር ይይለት ብዬ አላልፍም፤ እኔም ብሆን የምቆመው እዚያው ነበር። የሚከነክነኝ ሌላ ቦታ መቆም እንደሚቻል ያሳየ ሰው አለ ወይ የሚለው ነው።

መልሱን ያገኘሁት ባልጠበቅኩት በር ነው፤ በአይርላንድ ሲኒማ፣ ይልቁንም ኬት ማኩላ በምትባል የካሜራ ባለሙያ ሥራ። «የራሷ እያረረባት የሰው ታማስላለች» የሚለኝ አንባቢ አይጠፋም። ይሁን፣ ላማስል። (ሰባ ሰባት ከምለው በቀር ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።)

እጁ ከቅርብ፣ ጠረጴዛው ከሩቅ

የሰባ ሰባቱን ድርቅ ለዓለም ያሳየው ፊልም በጥቅምት 1984 በቢቢሲ ቴሌቪዥን ቀረበ። ድምፁ የእንግሊዛዊው ዘጋቢ የማይክል በርክ ነው። ካሜራውን የያዘው ግን የናይሮቢው ልጅ መሐመድ አሚን ነበር፤ ይሠራ የነበረው ቪዝኒውስ ለሚባል የለንደን የዜና ድርጅት ነው። የኮረምን ሜዳ፣ የነጠላውን ብዛት፣ የጠዋቱን ጉም ያየነው በእሱ ዓይን ነው። ዜናውን ቤታቸው ተቀምጠው ካዩት አንዱ ቦብ ጌልዶፍ ነበር፤ ከደብሊን በስተደቡብ፣ ባሕር ዳር ባለች ደን ሊሪ በምትባል ከተማ የተወለደ ሙዚቀኛ። ከዚያ ወዲያ የሆነውን፣ ለረሃቡ የተዘፈነውንም ኮንሰርቱንም፣ ሁላችንም እናውቃለን።

አሚንን የምወቅስበት አፍ የለኝም። በ1991 አዲስ አበባ ላይ የጥይት መጋዘን ሲፈነዳ ግራ እጁን አጣ፤ በሰው ሠራሽ እጅ ካሜራ ማንሳቱን ቀጠለ። በ1996 ኮሞሮስ አጠገብ ባሕር ላይ የወደቀው የተጠለፈው የአየር መንገዳችን አውሮፕላን ውስጥ ነበር፤ የሞተውም እዚያ ነው። ሕይወቱ ከእኛ ጋር የተጠላለፈ ሰው ነው።

አይርላንዶች ይህንን ታሪክ ከእኛ በፊት ራሳቸው ቀምሰውታል። በ1845 የድንች በሽታ ገባ። በጥቂት ዓመታት ውስጥ ወደ አንድ ሚሊዮን ሰው ሞተ፣ ከዚያ የሚበልጥ ተሰደደ። በ1847 አንድ የለንደን ጋዜጣ ጄምስ ማሆኒ የሚባል ሠዓሊ ስኪበሪን ወደተባለው የደቡብ አውራጃ ላከ። ከሥዕሎቹ አንዱ ክሎናኪልቲ ላይ ያያትን እናት ያሳያል። የሞተ ልጇን ታቅፋ፣ የሬሳ ሣጥን መግዣ ሳንቲም ትለምናለች። ሥዕሉ ታተመ፣ እንግሊዝ አገር ያለው አንባቢ አየና አዘነ። ዛሬም የአይርላንድ ረሃብ ሲነሳ መጽሐፍ ሽፋን ላይ የሚወጡት እነዚያው የጋዜጣ ሥዕሎች ናቸው።

ማሆኒ የኮርክ ሰው ነበር፤ የዚያው አገር ልጅ። አሚንም ጎረቤታችን ነው። በሁለቱም ዘመን እጁ የቅርብ ሰው እጅ ነበር። የሚመርጠው፣ የሚቆርጠው፣ «ይሄኛው ይውጣ» የሚለው ጠረጴዛ ግን ለንደን ነው ያለው። ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁ ይላል ያገሬ ሰው። በረሃብ ጊዜ ግን አጥሩም ፈርሷል፣ ባለቤቱም «አታንሱኝ» ለማለት አቅም የለውም። ታዲያ «የራሳችን ሰው ካሜራ ይያዝ» ማለት ብቻውን ምን ይፈታል? እዚህ ላይ ብዙ ጊዜ ተቀርቅሬ ኖሬያለሁ።

ከሰባ ሴቶች ቤት እስከ ኮነማራ

«አራኽት»ን ያየሁት ስለ ረሃብ መሆኑን ሰምቼ፣ ገና ሳልጀምረው ሆዴ ተቋጥሮ ነው። በ2019 የወጣ፣ ቶም ሱሊቫን ያዘጋጀው፣ በአይርላንድኛ የሚነገር ፊልም ነው። ዘመኑ 1845፣ ቦታው የምዕራቡ ጠረፍ፣ ኮነማራ። ኮልማን የሚባል ዓሣ አጥማጅ ኪራይ እንዳይጨምርበት ባለርስቱ ደጅ ሄዶ ይለምናል። ነገሩ በደም ያልቃል፤ ኮልማንም ሸሽቶ ባሕር ዳር ዋሻ ውስጥ ይደበቃል። በኋላ አንዲት ወላጅ አልባ ልጅ ትመጣበታለች።

የምጠብቀው ምስል አልመጣም። የተሰለፈ ሕዝብ የለም፤ ዝንብ ያረፈበት ፊት የለም። ያለው አንድ ሰው ነው። ዋናው ተዋናይ ለክፍሉ ብሎ ክፉኛ ከስቷል፣ አጥንቱ ይቆጠራል፤ ካሜራው ግን አጥንቱን ሊቆጥርልን አይሽቀዳደምም። መረብ ሲያነሳ እጁን ያሳየናል፣ የሚያስበውን ነገር ለማወቅ ፊቱን እንጠብቃለን። ቤቱ ጨለማ ነው። እሳቱ የደረሰበት ይታያል፣ ያልደረሰበት አይታይም። በሰርግ ቀረጻ ዘመኔ እንዲህ ያለ ጨለማ ብተው ኖሮ ክፍያዬን አላገኝም ነበር። እዚህ ግን ጨለማው ለሰውየው ተትቶለታል፤ የራሱ የሆነ፣ እኔ የማልገባበት ጥግ አለው። ለተራበ ሰው እንዲህ ያለ ጥግ ሲተውለት ያየሁት የመጀመሪያ ጊዜዬ ነው።

የስም ዝርዝሩ ሲወርድ ቆሜ ጠበቅኩ። ኬት ማኩላ ይላል። ከዚያ የሠራችውን ሁሉ ወደ ኋላ እየፈለግኩ ማየት ጀመርኩ።

የተማረችው የአይርላንድ ብሔራዊ የፊልም ትምህርት ቤት ነው፤ ትምህርት ቤቱም ያለው ደን ሊሪ፣ እዚያችው የጌልዶፍ የትውልድ ከተማ ውስጥ ነው። (ይህን ሳውቅ ብቻዬን ሳቅሁ።) ቀጥላ ፖላንድ ሄዳ ዉች በሚገኘው ስመ ጥር የፊልም ትምህርት ቤት ተማረች። ከደን ሊሪ የወጣ፣ ስሙ ከእሷ በላይ የሚታወቅ ሌላም ሰው አለ፤ ሮቢ ራያን። እሱ መንገዱን በእንግሊዝ በኩል አደረገ፣ ከእንግሊዛዊው የፊልም አዘጋጅ ከኬን ሎች ጋር ሠራ፣ በ2011 ቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ በቀረጻ ተሸለመ፣ በ2019 እና በ2024 ለኦስካር ታጨ። የካሜራ ሰው እንዲህ ካላደገ አደገ አይባልም፤ ትንሽ አገር ውስጥ የሚማር ሁሉ ዓይኑ ወደ ውጭ ነው። እውነት ለመናገር የሮቢ ራያን ሥራ ይማርከኛል። የማኩላ ግን ያስጨንቀኛል፤ እዚያው ሆና፣ በዚያው ሰፈር ዙሪያ እየተመላለሰች ነው የደረሰችበት የደረሰችው።

የመጀመሪያው ትልቅ ሥራዋ «ሂዝ ኤንድ ኸርስ» የሚባል ዘጋቢ ፊልም ነው። አዘጋጁ ኬን ዋርድሮፕ ነው፤ እሷ ከማይክል ላቬል ጋር ቀረጸችው። ሐሳቡ ከዚህ የቀለለ ሊሆን አይችልም። ከአይርላንድ መካከለኛው ክፍል ሰባ ሴቶች፣ ከሕፃንነት እስከ እርጅና በዕድሜ ቅደም ተከተል፣ ስለ ሕይወታቸው ወንዶች ያወራሉ። ስለ አባት፣ ስለ ባል፣ ስለ ልጅ። ወንዶቹ አንዳቸውም አይታዩም። ሴቶቹ ቤታቸው ውስጥ ናቸው፤ አንዷ ሶፋ ላይ፣ አንዷ ኩሽና ውስጥ፣ አንዷ መስኮት አጠገብ። ካሜራው ቆሟል። አይሮጥም፣ አይዞርም። መጀመሪያ ሳየው «ይሄ ምኑ ቀረጻ ነው?» ብያለሁ። በ2010 ሰንዳንስ ፌስቲቫል ላይ የውጭ አገር ዘጋቢ ፊልም የቀረጻ ሽልማትን የወሰደው ይህ ፊልም ነው።

ሁለተኛ ሳየው ነገሩ ገባኝ። ሰው ቤት ገብቶ ካሜራ መትከል ከባድ ነገር ነው። ቤቱን ማወቅ አለብህ። ብርሃኑ በየት በኩል በስንት ሰዓት እንደሚገባ፣ ባለቤቲቱ ሁልጊዜ የምትቀመጥበት ወንበር የትኛው እንደሆነ፣ የትኛው በር ሲከፈት ኮሪደሩን እንደሚያሳይ። እዚህ አገር ደግሞ ደመናው አይታመንም፤ አንዲት ሴት አንድ ታሪክ ጀምራ እስክትጨርስ ፀሐይ ሦስት ጊዜ ወጥታ ትገባለች። እንዲህ ባለ አገር ዝም ብሎ የቆመ ፍሬም፣ ብዙ ተመርጦና ተጠብቆ የተገኘ ፍሬም ነው። ሴቶቹ ሲያወሩ ደግሞ ካሜራውን የረሱት ይመስላሉ። የማይነቃነቅ ነገር ቶሎ የቤት ዕቃ ይሆናላ!

ቀጥሎ የሠራቻቸውን ባጭሩ ላልፍ። በ2017 የወጣው «ዘ ፋርዘስት» በ1977 ስለተተኮሱት የቮዬጀር መንኮራኩሮች የሚናገር የኤመር ሬይኖልድስ ዘጋቢ ፊልም ነው፤ ኅዋ ይበዛዋል፣ እኔ የወደድኩት ግን ያረጁትን ሳይንቲስቶች ፊት ነው። በ2020፣ ሁላችንም ቤት በተዘጋብን ሰሞን የወጣው «ኖርማል ፒፕል» የተባለው የቴሌቪዥን ድራማ አሥራ ሁለት ክፍል ነበረው፤ የመጀመሪያዎቹን ስድስት ክፍሎች ሱዚ ላቬል፣ የመጨረሻዎቹን ስድስት ማኩላ ቀረጹ። ሁለት ሴቶች አንድን ታሪክ ተቀባብለው፣ ስፌቱ ሳይታይ። ደብሊን ውስጥ ያንን ድራማ ያላየ የሥራ ባልደረባ የለኝም፤ ማን እንደቀረጸው የነገረኝም የለም።

ብስኩቱ

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ። «አን ካሊን ክዩን»፣ ዝምተኛዋ ልጅ፣ የኮለም ባሬድ ፊልም ነው፤ ክሌር ኪገን ከጻፈችው አጭር ልብ ወለድ የተወሰደ። ዘመኑ 1981። ካይት የምትባል ልጅ፣ ልጅ በበዛበት፣ ፍቅር ባነሰበት ቤት ታድጋለች። እናቷ እርጉዝ ስለሆነች ለበጋው ወደ ዘመድ ቤት ትላካለች። ሚስቲቱ አይሊን ገና ከመኪና ስትወርድ ትወዳታለች፤ ባልየው ሾን ግን ልጅቷን ቀና ብሎ ማየት ያቅተዋል። አንድ ቀን ልጅቷ ግቢው ውስጥ ከዓይኑ ትጠፋበትና ሲያገኛት ይጮህባታል። ለምን እንደጮኸ ፊልሙን ላላያችሁ አልነግርም።

ከዚያ በኋላ ነው ነገሩ። ልጅቷ ኩሽና ጠረጴዛ አጠገብ ተቀምጣለች። ሾን ሊወጣ ያልፋል። ሲያልፍ አንዲት ብስኩት ጠረጴዛው ላይ ያኖራል፤ አያያትም፣ ይቅርታ አይልም፣ ስሟን አይጠራም። ይወጣል። ብስኩቷ ጠረጴዛው ላይ ቀረች። አለቀ። ይኸው ነው።

ይህቺን ቦታ እየመለስኩ አይቻታለሁ። የሰርግ ቀራጭ ብሆን ምን አደርግ ነበር? ፊቱን እፈልግ ነበር፤ የተጸጸተ ዓይን። ከዚያ ወደ ልጅቷ ዞሬ ከንፈሯ ሲንቀጠቀጥ እጠብቃለሁ። ከዚያ ሙዚቃ። ማኩላና ባሬድ ብስኩቷን ብስኩት አድርገው ተዉአት። ዝም አይነቅዝም እንደሚባለው፣ ሰውየው ያልተናገረው ነገር ሳይበላሽ ደረሰኝ። እኔን አልቅስ ያለኝ ሳይኖር አለቀስኩ፤ ሥራ ፈረቃ ላይ፣ በእረፍት ሰዓት፣ ስልኬን ይዤ።

ፍሬሙም የተለመደው ሰፊው አይደለም። ወደ ካሬ የቀረበ ነው፤ ድሮ ሲኒማ ቤቶች ይጠቀሙበት የነበረው 1.37 የሚባለው ልክ። ግራና ቀኙ ተቆርጧል። ልጅቷ የማታየውን እኛም አናይም፤ አዋቂዎቹ ብዙ ጊዜ ጭንቅላታቸው ይቀራል፣ ወይ ከበር ወዲያ ድምፃቸው ብቻ ይሰማል። መኪና ውስጥ ስትሆን ዓለም መስኮቱን ታክላለች። የልጅ ከፍታ ላይ ወርዶ የተቀመጠ ካሜራ ብዙ አይቻለሁ፤ ልጅን ለማሳዘን የወረደ ነው የሚበዛው። ይኼኛው የሚያደርገው ከልጅቷ ጋር ሆኖ ነገሩን ለመረዳት መሞከር ነው። አይሊን ፀጉሯን ስታበጥር፣ የመኝታ ክፍሉ ግድግዳ ላይ ያለው የባቡር ሥዕል ሲታይ፣ ልጅቷ ገና ያልገባትን እኛም ቀድመናት እንድናውቅ አንደረግም።

አስቡት፤ ሳጥኗ ላይ ያለችውም ልጅ ናት፣ ካይትም ልጅ ናት። ሁለቱም የተጎዱ ናቸው፣ ሁለቱም ዝም ያሉ ናቸው። አንዷ ወደ እኔ ታያለች፣ ከእኔ የምትፈልገው ነገር አለ። ካይት ግን ከእኔ ምንም አትፈልግም። የራሷ ጉዳይ አለባት። ብስኩቷን ትብላ አትብላ የራሷ ጉዳይ ነው። ልዩነቱን በሌንስ ቁጥር ወይም በመብራት ልገልጸው ብዙ ሞከርኩ፣ አልሆነልኝም። የተቀረጸው ሰው ለማን ብሎ እዚያ እንዳለ ይመስለኛል ጉዳዩ።

ፊልሙ በየካቲት 2022 በርሊን ፌስቲቫል ላይ ተሸለመ። በዓመቱ መጨረሻ ማኩላ የአውሮፓ የፊልም ሽልማትን በቀረጻ ወሰደች። በ2023 ፊልሙ በዓለም አቀፍ ፊልም ዘርፍ ለኦስካር ከታጩት አምስቱ ገባ፤ በአይርላንድኛ የተሠራ ፊልም እዚያ ሲደርስ የመጀመሪያው ነበር። በዚያው ዓመት ሌላ የአይርላንድ ታሪክ፣ በምዕራቡ ደሴቶች ላይ የተቀረጸው «ዘ ባንሺስ ኦፍ ኢንሸሪን»፣ በዘጠኝ ዘርፍ ታጭቶ ነበር። እሱን የቀረጸው እንግሊዛዊው ቤን ዴቪስ ነው። ገደሉ፣ ባሕሩ፣ አረንጓዴው፣ እስከ አድማስ ድረስ ተዘርግቶ ያምራል። እኔ ግን አይርላንድ ስኖር የማውቃት በኩሽና በኩል ነው፤ ስለዚህ ፍርዴ አድልዎ አለበት።

ጊዜውን የሚከፍለው ማነው?

እዚህ ድረስ ያነበበ ሰው ማኩላ ለየት ያለ ዓይን ስላላት ነው ሊል ይችላል። አላት። ግን ዓይን ብቻውን ደሞዝ አይከፍልም። የቆመ ካሜራ ውድ ነው፤ ደመናው እስኪያልፍ የሚጠብቅ ቡድን ሁሉ በሰዓት ይከፈለዋል። አይርላንድ የፊልም ቦርድ ያቋቋመችው በ1981 ነው፤ በ1987 ገንዘብ የለም ተብሎ ተዘጋ፤ በ1993 እንደገና ተከፈተ። እንደገና የከፈተው የባህል ሚኒስትር ማይክል ዲ. ሂጊንስ፣ በኋላ የአገሪቱ ፕሬዚዳንት የሆነው ገጣሚ ነው። በ1996 ደግሞ በእሱ ጊዜ በአይርላንድኛ የሚያሰራጭ ቴሌቪዥን ጣቢያ ተጀመረ፤ ዛሬ ቲጂ ፎር ይባላል። ይህ ጣቢያ ከፊልም ቦርዱና ከብሮድካስት ተቆጣጣሪው መሥሪያ ቤት ጋር ሆኖ በቋንቋው የሚሠሩ የፊቸር ፊልሞችን የሚደግፍበት አንድ ዕቅድ አለ። «አራኽት»ም ዝምተኛዋ ልጅም የወጡት ከዚያ ነው።

ጠረጴዛው አገር ውስጥ ገባ ማለት ነው። መጀመሪያ የሚያየው ሰው ቤቱ ተቀምጦ ቋንቋውን የሚሰማ ነው፤ ለእሱ ረሃቡንም፣ ዝምታውንም፣ ብስኩቱንም ማስረዳት አያስፈልግም። እኔን ሲቀርቅረኝ የኖረው ጥያቄ ሙሉ በሙሉ ባይፈታም እዚህ ላይ ላላ። ማሆኒም አሚንም የጎደላቸው ችሎታ ሳይሆን ይህ ጠረጴዛ ነበር።

ወደ ቤታችን ልመለስና አንድ የሚያበሳጨኝን ነገር ልበል። በዓለም መድረክ የሚጠሩልንን ፊልሞች አዘጋጆች ሁላችንም እናውቃለን፤ ደግ ነው። ማን ቀረጻቸው? የኃይሌ ገሪማን «ምርት ሦስት ሺ ዓመት» የቀረጸው አሜሪካዊው ኤሊየት ዴቪስ ነው። በ2014 ሰንዳንስ ላይ የተሸለመውን «ድፍረት» የቀረጸችው ሞኒካ ሌንቼቭስካ የፖላንድ ሰው ናት። በ2015 ካን የደረሰውን የያሬድ ዘለቀን «ላምብ» የቀረጸችው ጆዜ ዴሼ ናት፣ እሷም የውጭ ሰው። ሥራቸው ድንቅ ነው፤ በተለይ የኃይሌ ጥቁርና ነጭ ላይ አንድ ቃል አልናገርም። ግን የእኛ የካሜራ ልጆች የት ናቸው? ሰርግ ላይ ናቸው። ማስታወቂያና ክሊፕ ላይ ናቸው። እጃቸው ፈጣን ነው፣ ድሮኑም አለ፣ ሌንሱም አለ። አንድ ኩሽና ውስጥ ሁለት ቀን ቆመው ብርሃኑን እንዲያዩ የሚከፍላቸው የለም።

ይህን ለአንድ የድሮ ባልደረባዬ በቴሌግራም ስጽፍለት ረዥም ድምፅ ላከልኝ። ሰሜን ወሎ፣ ቆቦ አጠገብ አክስት አሉት፤ በሰባ ሰባት ኮረም የነበሩ። ስለ እሳቸው ፊልም ሊሠራ ያስባል። መጀመሪያው ላይ ያንን የ1984ቱን የቢቢሲ ምስል አስገብቶ ከዚያ ወደ አክስቱ ቤት ሊዞር ነው። ለምን ያስፈልግሃል አልኩት። «የሚያውቁት እሱን ነው፤ እሱን ካላዩ ገንዘቡን አይሰጡኝም» አለኝ። ከአክስትህ ቤት ጀምር፣ ማን ሰፈር እንዳሉ እሳቸው ራሳቸው ይንገሩን፣ ሰባ ሰባትን ሲፈልጉ ያንሱት ካልፈለጉ ይተዉት አልኩት። «አንተ ደብሊን ተቀምጠህ ይቀልሃል» አለኝ። እውነቱን ነው፤ ለእኔ ይቀለኛል።

እስካሁን አልተስማማንም። ለገንዘቡ የሚልከውን ማመልከቻ ሁለት ዓይነት አድርጎ ጽፏል፤ አንዱ ከምስሉ ጋር፣ አንዱ ያለ ምስሉ። አክስቱ በበኩላቸው ደውለው ቁርጡን ነግረውታል፦ ከጥር በፊት ካሜራ ይዘህ እንዳትመጣብኝ፣ አጨዳ አለብኝ፣ ውቂያ አለብኝ፣ ከዚያ ደግሞ የልጄ ሰርግ አለ፤ እሱን በነፃ ትቀርጽልኛለህ።